ቆዳ የሚባል ቀለም የለም

«ስም ይወጣል ከቤት፣ ይቀበል ጎረቤት» ይላል ያገራችን ሰው። ቤት ያወጣው ስም ልክ ይሁን ስሕተት ጎረቤት አይመረምርም፤ ተቀብሎ ይጠራል። እኔ ዛሬ ሙግት ልገጥምባቸው የተነሣሁት ስሞች ግን የወጡት ከሰው ቤት ሳይሆን ከቀለም ፋብሪካ ነው። አንዱ ብልቃጥ ላይ «አጥንት» ተብሎ ተጽፏል፤ ሁለተኛው ላይ «ሥጋ»፤ ሦስተኛው ላይ «ብረት»። ገዢው ስሙን ተቀበለ፤ ክዳኑን ከፈተ፤ ቀባ። የራስ ቅሉ አጥንት ሆነ፤ ፊቱ ሥጋ ሆነ፤ ጥሩሩ ብረት ሆነ፤ ቢያንስ ብልቃጡ እንዲህ ብሎታል። እኔ ደግሞ ሦስቱም ሐሰት ናቸው እላለሁ። ሐሰትነታቸው ሳያንስ የቀቢውን ዓይን ያሳውራሉ፤ መካከለኛው ደግሞ ሰው ማለት ማን እንደሆነ በዝምታ ይፈርዳል።

ነገሩን ከሥሩ ላስረዳ። በአውሮፓና በአሜሪካ ጎልማሶች ሳይቀሩ ጠረጴዛ ከበው የሚጫወቱት የጦርነትና የተረት ጨዋታ አለ። ተዋጊዎቹ ቁመታቸው ሦስት ሳንቲ ሜትር ያህል የሆነ፣ ከፕላስቲክ ወይም ከቆርቆሮ ቅይጥ የተሠሩ ምስሎች ናቸው፤ ሚኒየቸር ይሏቸዋል። እንግሊዛዊው ደራሲ ኤች. ጂ. ዌልስ በ1913 (እዚህ የምጠቅሳቸው ዓመቶች ሁሉ እንደ ፈረንጆች አቆጣጠር ናቸው) «ሊትል ዎርስ» የተባለ መጽሐፍ አሳትሞ ለአሻንጉሊት ወታደሮች ጦርነት ሕግ አበጀለት። በ1974 አሜሪካ ውስጥ «ደንጀንስ ኤንድ ድራገንስ»፣ በ1983 እንግሊዝ ውስጥ «ዎርሃመር» ሲመጡ ተራው ወታደር ቦታውን ለኤልፍ፣ ለድንክ፣ ለኦርክና ከመቃብር ለተነሣ አጽም አካፈለ። ምስሉ ከመደብር ሲወጣ ብዙውን ጊዜ ባዶ ግራጫ ነው፤ ሕይወት የሚዘራበት ገዢው በብሩሹ ነው። የዎርሃመር ባለቤት የሆነው የኖቲንግሃሙ ጌምስ ወርክሾፕ ምስሉንም፣ ብልቃጡንም፣ ብሩሹንም ይሸጣል፤ ከ1987 ጀምሮም «ጎልደን ዲመን» በተባለ ውድድር የተዋጣላቸውን ቀቢዎች ይሸልማል።

«ይህ የልጆች ጨዋታ ነው» ብሎ ገጹን ሊገልጥ የቸኮለ አንባቢ ካለ ጥቂት ይታገሠኝ። ከምስር ፍሬ ብዙ በማትበልጥ ፊት ላይ ዓይን፣ ከንፈር፣ ጠባሳና ቁጣ የሚያሰፍር እጅ የልጅ እጅ አይደለም። ሠዓሊ ሁሉ የሚታገለው ትግል እዚያች ምስር ላይ አለ፤ ያየኸውን ትሥላለህ ወይስ የነገሩህን? እኔ የምከሰው ቀቢውን ሳይሆን ነጋሪውን ነው።

አጥንት

በ1990ዎቹ ከኖቲንግሃም ይወጣ የነበረ ዝነኛ ብልቃጥ «ብሊችድ ቦን» ይባል ነበር፤ የነጣ አጥንት ማለት ነው። በ2012 የብልቃጦቹ ስሞች ሲለወጡ ተተኪው «ኡሻብቲ ቦን» ተባለ። ስሙ ተለወጠ፤ አጥንቱ አልተለወጠም። አቀባቡንም ማንም ጀማሪ በቃሉ ይወጣዋል፦ በመጀመሪያ የአጥንቱን ቀለም ቀባ፤ ቀጥሎ የሳሳ ቡናማ ቀለም ድፋበት፤ ሲደርቅ በደረቅ ብሩሽ ያንኑ የአጥንት ቀለም ጥረግበት፤ ጫፍ ጫፉን ነጭ አስነካ። አለቀ። የሚደፋውን ቡናማ ፈሳሽ ራሳቸው ቀቢዎቹ «ፈሳሽ ችሎታ» እያሉ ይቀልዱበታል። ቀልዱ እውነት አለው፤ ችሎታው ከእጅ ወጥቶ ወደ ብልቃጥ ገብቷል።

ውጤቱስ? ከበረሃ የተነሣው አጽም፣ ከረግረግ የወጣው አጽም፣ ትናንት ከጦር ሜዳ የወደቀው አጽም፣ ሁሉም አንድ ዓይነት ቅቤማ ቀለም ለብሰው ይሰለፋሉ። ሞት እኩል ያደርጋል ሲባል ሰምተናል፤ ግን የደንብ ልብስ ያለብሳል ያለን የለም።

ቅርጫ ገብቶ የሚያውቅ አንባቢ ይህን ለመረዳት አይቸገርም። ዛሬ የታረደ በሬ አጥንት ነጭ አይደለም። ደም የነካው ሐመር ነው፤ ስቡ ያወዛዋል፤ መጋጠሚያው ላይ ያለው ልም አጥንት ወደ ሰማያዊ ያደላል። ያው አጥንት ሜዳ ላይ ተጥሎ ዓመታት ፀሐይ ሲመታው ይነጣል፤ ይሰነጠቃል፤ እንደ ኖራ ይደርቃል። ከተቀበረ ግን የአፈሩን ቀለም ይጠጣል፤ ቀይ አፈር ያቀላዋል፤ ጥቁር ረግረግ እንደ ቡና ያጠቁረዋል፤ አጠገቡ የመዳብ ጌጥ ካለ አረንጓዴ ይነክሰዋል። በ1974 ሐዳር ላይ የተገኘችው ድንቅነሽ 3.2 ሚሊዮን ዓመት ገደማ ማዕድን ስትመጥ ኖራ ቡናማ ሆናለች፤ «የነጣ አጥንት» ከሚለው ብልቃጥ አንዲት ጠብታ እንኳ አይመጥናትም።

ስለዚህ የአጥንት ቀለም የሟቹ ታሪክ ነው። የት ወደቀ? ስንት ዘመን ተኛ? ማን አወጣው? ቀቢው እነዚህን ሦስት ጥያቄዎች ከጠየቀ ቀለሙ ራሱ ይመጣል። ብልቃጡ የሚሸጠው ግን መልሱን ነው፤ ጥያቄው ሳይጠየቅ።

ቆዳ

አሁን ወደ ዋናው ጠብ እንምጣ። በዚያው በ1990ዎቹ መደርደሪያ ላይ «ኤልፍ ፍሌሽ»፣ «ድዋርፍ ፍሌሽ»፣ «ብሮንዝድ ፍሌሽ»፣ «ታንድ ፍሌሽ» የሚሉ ብልቃጦች ነበሩ። የኤልፍ ሥጋ፣ የድንክ ሥጋ፣ ነሐስ የመሰለ ሥጋ፣ ፀሐይ ያጠቆረው ሥጋ ማለት ነው። ልብ በሉ! ኤልፍን በዓይኑ ያየ ሰው የለም። የተረቱን ድንክም እንዲሁ። ሆኖም የሁለቱም ቆዳ የሰሜን አውሮፓ ሰው ቆዳ እንዲሆን ተፈርዷል። ጠቆር ያሉት ብልቃጦች እንኳ ስማቸው የሚናገረው ነጭ ሆኖ ተወልዶ ፀሐይ ስላገኘው ሰው ነው። ጠይም ሆኖ የተወለደ ሰው በእነዚህ አራት ስሞች ውስጥ የለም። አጠገባቸው ግን «ጎብሊን ግሪን» ቆሟል። በምናብ ዓለም ለአረንጓዴው ፍጡር ብልቃጥ ሲገኝለት፣ ለጠይሙ ሰው መጠሪያ የጠፋው ለምንድን ነው? ምናቡ እስከዚያ ብቻ ይደርሳል ማለት ነው?

ይህ የጨዋታ ሠሪዎች ብቻ በደል አይደለም። ለሕፃናት ባለቀለም ሰም የሚሠራው ክራዮላ «ሥጋ» ይለው የነበረውን ሐመር ሮዝ «ኮክ» ብሎ የሰየመው በ1962 ነው፤ የልዩ ልዩ ሰዎችን ቆዳ የሚወክሉ 24 ቀለሞችን በአንድ ሳጥን ያወጣው ደግሞ በ2020። በመካከሉ ያለፈውን ዘመን አንባቢ ያስላው። ኮዳክም ለፎቶ ማጠቢያ ቤቶች ይልከው የነበረው የቀለም መለኪያ ካርድ ለብዙ ዘመን የአንዲት ነጭ ሴት ምስል ነበር፤ «ሸርሊ» ይሉት ነበር። የእርሷ ፊት ካማረ ማሽኑ ልክ ነው፤ የጥቁሩ ፊት በጨለማ ከተዋጠ ጥፋቱ የፊቱ ነው።

የሚኒየቸሩ ብሩሽም የሚሠራው ይህንኑ ነው። ቀቢው ከልጅነቱ የተማረው የነጭ ቆዳ ስሌት አንድ ነው፤ መሠረቱን ቀባ፣ ነጭ እየጨመርክ አፍካው። ያንኑ ስሌት ወደ ቡናማ ሲያዞረው ነጩ ከቡናማው ጋር ተቀላቅሎ አመድ ይሆናል። ቅባት ያልነካው፣ ሐርማታን ያደረቀው የመሰለ ግንባር፣ የታመመ የመሰለ ጉንጭ ይወጣል። ከዚያም «ጥቁር ቆዳ አስቸጋሪ ነው» ይባላል። አስቸጋሪው ቆዳው አይደለም፤ ለሌላ ፊት የተሠራ ትምህርት ነው።

እስቲ እውነተኛ ፊት እንይ። በሐመር ቆዳ ውስጥ ብርሃን ገብቶ ደሙን ነክቶ ይመለሳል፤ ስለዚህ ጆሮው፣ አፍንጫው፣ የጣቱ አንጓ ይቀላል። በጥቁር ቆዳ ግን ዓይናችን አብልጦ የሚያየው ከላይ ነጥሮ የሚመለሰውን ብርሃን ነው። ይህም የብርሃኑን ቀለም ይዞ ይመጣል፤ በሜዳ ላይ የሰማዩን ሰማያዊ፣ በምድጃ ዳር የእሳቱን ብርቱካን። ጥላው ደግሞ ባዶ ጥቁር አይደለም፤ ሞቅ ያለ፣ ወደ ደም የሚያደላ ቡናማ ነው። መዳፉና የእግሩ ጫማ ይፈካል፤ የታችኛው ከንፈር ወደ ሮዝ ያዘነብላል። ይህን ያየ ቀቢ ከነጭ ይልቅ ቢጫ አፈርና ብርቱካን ይዞ ያፈካል፤ በመጨረሻ ግንባሩና አፍንጫው ጫፍ ላይ ብቻ ጥቂት የሰማይ ነጥብ ያስቀምጣል። ሥራው ከሐመሩ ፊት አይከብድም፤ የተለየ ነው እንጂ።

ይህም አዲስ ዕውቀት አይደለም። ቬላስኬዝ በ1650 ሮም ላይ የሁዋን ዴ ፓሬኻን ምስል ሲሥል፣ በዚያው ዓመት ነፃነቱን የሰጠውን የገዛ ባሪያውን ፊት በጥቂት የአፈር ቀለሞች አሞቀው፤ ብርሃኑን ግንባሩ ላይ አሳረፈው። ሥዕሉ ዛሬ ኒው ዮርክ፣ ሜትሮፖሊታን ሙዚየም ይገኛል። «ሥጋ» የሚል ብልቃጥ አላስፈለገውም። ያገራችን የጎንደር ዘመን ሠዓሊዎችም በ18ኛው መቶ ዘመን ፊትን በአንድ ቀለም ሞልተው አልተዉትም፤ በጠቆረ ቀለም ጥላ እያበጁ ለጉንጩና ላንገቱ ክብነት ሰጡት።

አማርኛችንስ ምን ይላል? ጠይም ይላል፤ ቀይ ይላል፤ የቀይ ዳማ ይላል፤ ብስል ቀይ ይላል፤ ጠቆር ያለ ይላል። «ቀይ» የምንለው ሰው ቀይ እንዳልሆነ ሁላችንም እናውቃለን፤ ቃሉ አንዱን ፊት ከሌላው አጠገብ አቁሞ የሚያይ ቃል ነው። በነዚሁ ቃላት ሰው ማበላለጣችን፣ ቀዩን አሞግሰን ጥቁሩን ማሳነሳችን የራሳችን ዕዳ ነው፤ አልሸሽገውም። ቢሆንም ቃላቱ ቢያንስ አንድ ነገር መስክረዋል፤ ቆዳ ብዙ ነው። «ቆዳ» ብቻ ብሎ ቀለም የሚጠራ ሰው በኛ ቋንቋ ቢመጣ «የማን?» ብለን እንጠይቀዋለን።

ብረት

ሦስተኛው ሐሰት ከሁለቱ ይልቅ ያብለጨልጫል። ብረት የራሱ ቀለም አለው ማለት ያስቸግራል፤ የተወለወለ ጥሩር መስተዋት ነው። ደረቱ ላይኛው ክፍል ሰማይ ያያል፤ ታችኛው መሬት ያያል፤ መካከሉ ላይ አድማሱ እንደ ጥቁር መስመር ያልፋል። ጎረቤቱ ቀይ ካባ ከለበሰ ጥሩሩም ይቀላል። በብረታማው ብልቃጥ ውስጥ ያለው ግን ደቃቅ አብለጭላጭ ቅርፊት ነው፤ የሚያንጸባርቀውም ጠረጴዛው ላይ የተሰቀለውን አምፖል ነው። ዋሻ ውስጥ የሚዋጋው ባላባት በተጫዋቹ ሳሎን መብራት ያበራል!

ይህን የጠሉ ቀቢዎች ብረታማውን ብልቃጥ ጥለው በተራ ግራጫ፣ ነጭና ጥቁር የብረትን ነጸብራቅ በእጃቸው ይሥላሉ። በሁለቱ ወገኖች መካከል ዓመታት የፈጀ ክርክር አለ። ክርክሩ ግን የነሱ ግኝት አይደለም። ጣልያናዊው አልቤርቲ «ስለ ሥዕል» በተባለው የ1435 ድርሳኑ፣ ወርቅን በወርቅ ከሚለጥፍ ይልቅ ወርቅን በተራ ቀለም የሚያስመስል ሠዓሊ የበለጠ አድናቆት ይገባዋል ብሎ ነበር። በዚያው ዘመን፣ በ1436 በተጠናቀቀው የካኖን ቫን ደር ፓሌ ሥዕል ላይ፣ ያን ቫን አይክ የቅዱስ ጊዮርጊስን ጥሩር በዘይት ቀለም ብቻ አብረቀረቀው። ብሩዥ ሄዶ ሥዕሉን ጠጋ ብሎ ያየ ሰው የራስ ቁሩ ላይ የእመቤታችንን ነጸብራቅ፣ ጋሻው ላይ ደግሞ አንዲት ትንሽ የሰው ምስል ያገኛል፤ ሠዓሊው ራሱ ነው የሚሉ ብዙ ናቸው። ጥሩሩ የሚያየውን አየ፤ ያየውንም ሣለ።

እኔ ከሁለቱ ወገን ለአንዱም አላጨበጭብም፤ ምክንያቱም ሁለተኛውም ወገን ዛሬ የራሱን ብልቃጥ አበጅቷል። ላይ ሰማያዊ፣ መካከል ጥቁር፣ ታች ቡናማ፤ ይህም በቃል የሚወጣ ትምህርት ሆኖ፣ እስር ቤት የተጣለው ተዋጊ ደረት ላይ የቀትር ሰማይ ሲፈካ እናያለን። ከኖቲንግሃም ሳጥኖች የተቀዳው ልማድ ደግሞ የእያንዳንዱን ብረት ጠርዝ ዙሪያውን በፈካ መስመር ይከባል፤ ብርሃን ከየአቅጣጫው ይመጣ ይመስል። ለመሆኑ ጥሩር ሁሉ ነጭ ብረት ነበር ያለው ማነው? የአውሮፓ ጥሩር የጠቆረ ነበር፤ የተቀባ ነበር፤ በእሳት ሰማያዊ የሆነ ነበር። ዝገት ውኃ በሚቆምበት ይገባል፤ እጅና ጠፍር በሚነካው ቦታ ብረቱ ይነጻል። ሰውዬው አሽከር አለው ወይስ ራሱ ይወለውላል? ከዝናብ መጣ ወይስ ከግብዣ? ይህን ያልጠየቀ ብሩሽ ብረት አልቀባም፤ ማንኪያ ቀባ።

ይቃወሙኛል

«ጀማሪ የሚይዘው ምርኩዝ ያስፈልገዋል» ይሉኛል። እውነት ነው። ምርኩዝ የያዘ ግን መራመድ አለበት፤ ምርኩዙን እግር ብለው ከሸጡለት መቼም አይጥለውም።

«ለቅዳሜ ጨዋታ መቶ ወታደር መድረስ አለበት» ይሉኛል። በ2019 ኖቲንግሃም «ኮንትራስት» የተባሉ፣ በአንድ ቅብ መሠረቱንም ጥላውንም የሚሰጡ ብልቃጦች አወጣ፤ አንዱ «ስኬለተን ሆርድ» ይባላል፤ የአጽም ጭፍራ እንደ ማለት። መቶ አጽም በአንድ ማታ ይደርሳል። በፍጥነቱ ጠብ የለኝም፤ ሥራ በዝቶበት ልጆቹን አስተኝቶ የሚቀባ ሰው አለ። «የቸኮለች አፍሳ ለቀመች» ብዬም አልተርትበትም። ግን ፈጣኑ ቀለም «የሳሳ ቢጫማ ቡናማ» ቢባል ፍጥነቱ በስንት ደቂቃ ይቀንሳል?

«ዛሬ እኮ የጥቁር ቆዳ ብልቃጥ መጥቷል» የሚሉኝም አሉ። መጥቷል፤ ተመስገን። የቴክሳሱ ሪፐር ሦስት ሦስት ብልቃጥ እያደረገ ለጠቆረ ቆዳም አዘጋጅቷል፤ ሌሎቹም ጨምረዋል። ለንደን ወይም ሚኒያፖሊስ ያደገ ያገራችን ልጅ የራሱን ፊት ባላባቱ ላይ ሊቀባ ሲፈልግ ባዶ እጁን አይመለስም። ይህን የማቃልል አይደለሁም። ግን ከአንድ «ቆዳ» ወደ ሁለት «ቆዳ» መሄድ ስሕተቱን ማብዛት እንጂ ማረም አይደለም። ያ ልጅ ቡናማውን ብልቃጥ ከፍቶ እናቱንም፣ አጎቱንም፣ ራሱንም በአንድ ቀለም ቢቀባ፣ ሦስቱንም አላያቸውም።

ከአጥንት የተሠራው ቀለም

የብልቃጡን ሐሰት ለማየት ወደ ቀለም ታሪክ አንድ እርምጃ መግባት ይበቃል። ከእውነተኛ አጥንት የሚሠራ ቀለም አለ፤ አጥንት አየር በሌለበት ተቃጥሎ ሲፈጭ የሚገኘው ነው። ቀለሙ ጥቁር ነው። ከእውነተኛ የሰው ሥጋ የተሠራ ቀለምም ነበረ፤ የግብጽ በድኖች ተፈጭተው ለአውሮፓ ሠዓሊዎች እስከ 20ኛው መቶ ዘመን መባቻ ይሸጥ የነበረው «መሚ ብራውን» ነው። ቀለሙ ቡናማ ነው። ብረትስ? ብረት ከኦክስጅን ጋር ተዋሕዶ የሚሰጠን ቀይ አፈር ነው፤ የሰው ልጅ ዋሻ ውስጥ ከሣለበት ዘመን ጀምሮ ጉንጭ ያቀላነው በዝገት ነው። እንግዲህ አጥንት ጥቁር ሰጠ፤ ሥጋ ቡናማ ሰጠ፤ ብረት ቀይ ሰጠ። «አጥንት» ቅቤማ፣ «ሥጋ» ሮዝ፣ «ብረት» ብርማ ነው ያለን ማነው? ስም አውጪው!

ስዊድናዊው ሠዓሊ አንደርሽ ዞርን ብዙ ፊቶች የሣለው በአራት ቀለም እንደነበር ይነገርለታል፤ በነጭ፣ በጥቁር፣ በቢጫ አፈርና በቀይ። ጥቁሩ ከነጩ ጋር ሲቀላቀል ወደ ሰማያዊ ያደላል። ከነዚህ አራቱ የበረሃው አጽም ይወጣል፤ የረግረጉም ይወጣል። ሐመሩ ፊት ይወጣል፤ ጠይሙም፣ ጥቁሩም ይወጣል። ዝገቱም ውልውሉም ይወጣል። አራት ብልቃጥ የገዛ ሰው ግን አርባ አይገዛም። ስሞቹ እንዲህ የበዙበትን ምክንያት ከዚህ በላይ ማብራራት አያስፈልገኝም።

ጥያቄዬ አጭር ነው። ቀለም ሠሪዎች በብልቃጡ ላይ በውስጡ ያለውን ይጻፉ፤ ቢጫ አፈር ከሆነ ቢጫ አፈር፣ የተቃጠለ አጥንት ከሆነ የተቃጠለ አጥንት። ቀለሙ ምን እንደሚሆን የሚወስነው ቀቢው ነው። የቀቢው ፈንታ ደግሞ ብሩሹን ከማርጠቡ በፊት አንድ የሰው ፊት፣ አንድ አጥንት፣ አንድ አሮጌ ብረት ደኅና አድርጎ ማየት ነው። ፊቱ በየታክሲው አለ፤ አጥንቱ በየሉካንዳው ደጅ አለ፤ ብረቱ በየአጥሩ ላይ ዝጎ ይታያል። ዋጋ አይጠየቅባቸውም፤ ስምም አልተለጠፈባቸውም።